በወንዙ መካከል የቆመች በቅሎ

ዲላ፣ ጥቅምት 12 ቀን 1995 ዓ.ም.

ለተከበሩ ጋሼ ገሪማ
አዲስ አበባ፣ ሳሪስ

በጌታ ስም ሰላምታዬ ለእርስዎና ለልጅዎ ለአትጠገብ ይድረስ። ጉልበትዎ በሕክምናው ተሻለው? እኛ ደህና ነን፤ ያልተወን ዝናቡ ብቻ ነው።

ከእኔ ጤና አስቀድመው «ባንጆው ደህና ነው ወይ?» ብለው ለጠየቁኝ፣ ደህና አልነበረም። ክረምቱን ሙሉ ቆዳው ረግቦ ድምፁ ጠፍቶ ከረመ። እርስዎ እንዳሳዩኝ አዲስ የፍየል ቆዳ ወጠርኩበት፤ ነገር ግን ቸኩዬ ፀጉሩን በደንብ ሳልፍቀው ቀረሁ። አሁን በአንድ በኩል ጸጉራም ባንጆ ነው ያለን። አምስተኛው ክር ተበጥሶ ከሞተር ሳይክል የፍሬን ሽቦ አንድ ዘለላ መዝዤ ተክቼዋለሁ፤ ድምፁ ከበፊቱ ይሻላል።

«የክር ባንዱ አልተበተነም ወይ?» ላሉት፣ አልተበተነም። ኤልቤቴል ከትምህርት ቤት ስትወጣ ማሲንቆዋን ይዛ ወደ ሬዲዮ ጥገና ሱቄ ትመጣለች። ሙሐሲንም የቆርቆሮ ሳፋውን ገልብጦ፣ እንጨትና ገመድ አስሮበት እንደ ቤዝ ጊታር ይመታል። አባቱ ጋሽ ሙሐመድኑር ግን ሳፋው ከሱቃቸው የተወሰደ ስለሆነ ተቀይመውናል። ልጃቸው በተጫወተ ማግስት ደንበኞች እየመጡ «ሳፋዎቻችሁ ያፈሳሉ እንዴ?» ይሏቸዋል አሉ።

አንድ የማፍርበትን ነገር ልንገርዎ። አቶ ደጀኔ ሬኮ ከሚባለው መንደር ወዲህ በሚያስተዳድሩት የቡና ማጠቢያ፣ ሴቶቹ ቡናው በሚሰጣባቸው አልጋዎች ዙሪያ ቆመው የተበላሸ ፍሬ ሲለቅሙ እንድንጫወትላቸው ጠርተውን ነበር። ፈጣኑን ስንጫወት እጃቸው ከምቱ ጋር እኩል ሄደ። በያንዳንዱ ምት አንድ ፍሬ ያነሣሉ፤ የተበላሸ ይሁን ደህና ማን ያያል! እስከ ምሳ ድረስ ግማሹ ደህና ቡና ከጉድፉ ጋር ተጥሎ ተገኘ። አቶ ደጀኔ «ቀስ ያለ የላችሁም?» ሲሉ ወደ መዝሙር ዞርን። በዚያን ጊዜ ደግሞ ሴቶቹ ዓይናቸውን ጨፍነው እጃቸውን ወደ ሰማይ ዘረጉ፤ ለቀማው ጨርሶ ቆመ። በክብር ሸኙን።

እዚያው ቡና ልትቀምስ የመጣች ሚስ ኖራ የምትባል አሜሪካዊት ሰምታን ተገርማለች። አያቶቿ ኬንተኪ በሚባል ተራራማ አገር እንዲህ ያለ ጨዋታ ይጫወቱ ነበር፤ አሁን እዚያም ሊጠፋ ደርሶ ጥቂት ሰዎች ናቸው የሚያነሡት። «ዲላ ላይ ማን አቆየው?» ስትለኝ፣ የሚስዮኑ ወጥ ቤት የነበሩት ጋሼ ገሪማ፣ አሜሪካኖቹ ትተውት የሄዱትን ባንጆ ይዘው፣ እኔንም ከሬዲዮ ፍርስራሽ መሐል አውጥተው አስተማሩኝ አልኳት። መዝሙር ቁጥር 47 በራእይ እንደተሰጠዎትም ነገርኳት። ጥቅምት 24፣ እሑድ፣ በወንዙ ጥምቀት ላይ ልንዘምርላት ነው። ስለ ራእዩ ትንሽ ቢጽፉልኝ እተረጉምላታለሁ።

ልጅዎ ታዲዮስ


ሳሪስ፣ ጥቅምት 19 ቀን 1995

ለልጄ ለታዲዮስ

እንደምን ከርመሃል? እኔ አለሁ፤ ጉልበቴ ግን ከእኔ ተለይቶ የራሱን ኑሮ ጀምሯል። ሐኪሙ «ይራመዱ» ይላል፣ አትጠገብ «ይቀመጡ» ትላለች፤ ሁለቱንም እንዳላስቀይም ቆሜ እውላለሁ። ወጥ ቤቷም አታስገባኝም። ትናንት ሽሮው እንዳያርርባት ከበር ላይ ሆኜ ብነግራት «አባዬ፣ ጡረታ ወጥተዋል» አለችኝ። ሽሮው አረረ።

ለመሆኑ ፍየሉን ሳታርድ ነው እንዴ የወጠርከው? ቆዳውን አውርደህ አንድ ሌሊት በአመድና በውኃ ዘፍዝፈው፣ ጠዋት በደነዘ ቢላ ፋቀው። ጸጉራም ባንጆ ይዘህ ስሜን አታንሣ። ለለቀማ የሚሆነው ደግሞ መካከለኛው ምት ነው፤ ሽንኩርት ስከትፍ የማንጎራጉረው ዓይነት።

አሁን ዋናውን ነገር ስማኝ። ለእንግዳዋ 47ን አትዘምሩላት። አንደኛ፣ መዝሙሩ ረጅም ነው፣ ትደክማለች። ሁለተኛ፣ አጭር ነው፣ ሳትጠግበው ያልቅባታል። ሦስተኛ፣ በወንዝ ዳር ሲዘመር ጉንፋን ያመጣል። 12ን ዘምሩላት፤ 12 ከማንም ጋር ችግር የለባትም።

ስለ ራእዩ የጠየቅኸኝን ሌላ ጊዜ እጽፍልሃለሁ።

ገሪማ


ዲላ፣ ጥቅምት 27 ቀን 1995

ለጋሼ ገሪማ

ደብዳቤዎ የደረሰኝ ማክሰኞ ነው። እንግዳዋ የመጣችው እሑድ ነበር።

የሆነውን በቅደም ተከተል ልጻፈው፤ በቃል ብናገረው ሳልጨርስ እሸሻለሁ። የሽማግሌዎቹ ሰብሳቢ አቶ ተክለማርያም እስከ ወገባቸው ውኃ ውስጥ ገብተው ያጠምቃሉ። እኛ ከዳር ሆነን 47ን ጀመርን። «በወንዙ መካከል ቆምኩ፣ ጌታ ሆይ እጄን ያዘኝ» የሚለው ጋ ስንደርስ እንደ ወትሮው ሁሉም አለቀሰ፤ ወይዘሮ ሙሉእመቤትማ ነጠላቸውን ነከሱ። ሚስ ኖራ በመጀመሪያ ፈገግ አለች። ቀጥላ ሳቀች። ከዚያ ቀሚሷን ሰብሰብ አድርጋ፣ ተረከዟን መሬት ላይ እያንኳኳች፣ በእንግሊዝኛ እየዘፈነች ጨፈረች! አቶ ተክለማርያም አፋቸውን ከፍተው ሲያዩዋት ውኃ ውስጥ ያስገቡትን ሰው ማውጣት ረሱ። ሰውየው አቶ ደጀኔ ነበሩ። አሁን ደህና ናቸው፤ ሳል ብቻ ቀርቶባቸዋል።

«ምን እያለች ነው?» ተብዬ ተጠየቅሁ። «ስለ መሻገር ነው የምትለው» አልኩ። ውሸት አልነበረም፤ ሙሉውም አልነበረም።

ጋሼ፣ ዜማውን ከልጅነቷ ጀምሮ ታውቀዋለች። እንደ እሷ አባባል በዘፈኑ ውስጥ አንድ ሰው በሠርጉ ማለዳ ፈርቶ የአማቱን በቅሎ ሰርቆ ይሸሻል። በቅሎዋ ወንዙ መካከል ስትደርስ ትቆማለች፤ ወደፊትም ወደኋላም አልል ትላለች። ሠርገኛው በዳሩ ተሰልፎ ያየዋል፤ ዘፈኑም እዚያው ያልቃል። እኛ እየተንሰቀሰቅን የምንዘምረው እዚያ ላይ ነው! ተሳስታ ነው፣ አይደል?

ደስ የሚለው ነገር፣ በነሐሴ መግቢያ በኬንተኪ ተራሮች በሚደረግ የክር ጨዋታ በዓል ላይ እንድጫወት ጋብዛኛለች። ኤምባሲው ከቤተ ክርስቲያናችን ማህተም ያለበት የድጋፍ ደብዳቤ ይፈልጋል። ሽማግሌዎቹ ግን «መጀመሪያ 47 ከየት እንደመጣ ወንድም ገሪማ በጽሑፍ ያስረዱ» ብለዋል። እስከዚያ መዝሙሩ ታግዷል፤ ባንጆውም ሣጥን ውስጥ ተቆልፎበታል። ወጣቶቹ የተገዛውን ኪቦርድ አውጥተው ከአሁኑ ቦታችን ላይ ተክለውታል። ባንጆውን «የድስት ክዳን» ነው የሚሉት።

እኔ ሬዲዮ መጠገን አልጠላም፤ ባንጆ ስይዝ ግን ሰው ነኝ። አንድ መስመር ይበቃኛል፤ ይጻፉልኝ።

ታዲዮስ


ሳሪስ፣ ኅዳር 20 ቀን 1995

ለልጄ ለታዲዮስ

ሰላምታዬ ለአንተ፣ ለኤልቤቴል፣ ለሙሐሲን፣ ለጋሽ ሙሐመድኑር፣ ለወይዘሮ ሙሉእመቤት፣ ለአቶ ደጀኔ ከነሳላቸው፣ ለሱቅህ ጎረቤቶች፣ ከገደብ ለሚመጡት ሾፌሮች፣ ጨለለቅቱ ላለችው አክስትህ፣ ለልጆቿም በየስማቸው ይድረስ። የልጆቿን ስም ስላላወቅሁ ለእያንዳንዳቸው ቦታ ትቻለሁ፤ ሙላበት።

በመኪና ጭነህ የላክህልኝ ቆጮ ደርሶኛል። አትጠገብ በማቀዝቀዣ ውስጥ ከተተችው። ቆጮ ማቀዝቀዣ ውስጥ! ሳየው አዘንኩለት።

ስለ ጉልበቴ በዝርዝር የጠየቅኸኝ አይመስለኝም፤ ቢሆንም ልመልስልህ። ግራው ከቀኙ ይሻላል። ቀኙ ደግሞ ከትናንት ይሻላል። ትናንት ከዛሬ ሳምንት ይሻል ነበር። ሐኪሙ ወጣት ነው፤ ጥፍሩ ንጹሕ ነው፤ የማን ልጅ እንደሆነ ግን አይናገርም።

የፈረንጅ ሳቅን በተመለከተ አትጨነቅ። ፈረንጅ ይስቃል። ሚስዮኑ ግቢ አሥራ አንድ ዓመት አብስዬላቸዋለሁ፤ በቃሪያ ይስቃሉ፣ በዝንጀሮ ይስቃሉ፣ አንድ ጊዜ ዶሮ ወጥ ቀምሰው እያለቀሱ ሳቁ።

አሁን ወደ ጥያቄህ ልመጣ ስል ወረቀቱ አለቀ

ገሪማ


ዲላ፣ ታኅሣሥ 14 ቀን 1995

ለጋሼ ገሪማ

ሰላም ለእርስዎ ይሁን። ወረቀት አልቆብዎት ስለነበር ሁለት ባዶ ወረቀት፣ የተቀረጸ እርሳስና አድራሻ የተጻፈበት ፖስታ አያይዣለሁ። ሽማግሌዎቹ የሚሰበሰቡት ጥር 25 ነው። ከዚያ ካለፈ የኤምባሲው ቀጠሮ አይደርስልኝም።

ኤልቤቴል «እኚህ ሰውዬ አንድ ነገር ደብቀዋል» አለች። እኔ ግን ተቆጥቻት እርስዎ አይዋሹም አልኳት።

ታዲዮስ


ሳሪስ፣ ጥር 3 ቀን 1995

ልጄ ታዲዮስ

ኤልቤቴልን አትቆጣት። እሷ ልክ ናት።

ወረቀትህ ሁለት ነው፤ ስለዚህ ሰላምታ አላበዛም። ዌንድል የሚባል መካኒክ ነበር። የሚስዮኑን ላንድሮቨርና ጄኔሬተር ይጠግናል። ጸሎት ላይ ይተኛል፣ ሞተር ላይ ይነቃል። ባንጆው የእርሱ ነው። አለቃቸው ጭፈራ ኃጢአት ነው ብለው በግቢው እንዳይጫወት ከለከሉት። ታዲያ ከወጥ ቤቱ ጀርባ፣ ጭሱ የሚወጣበት ጋ ቁጭ ብሎ ይጫወታል፤ እኔ ደግሞ እንዳይሰማ ድስት አንኳኳለሁ። በኋላ ማንኳኳቱ ራሱ አማረኝ። በሁለት ማንኪያ እመታለሁ፣ እሱ ይጫወታል። ሦስት ዓመት እንዲህ ሆነን የበላነውን ሁሉ አሳረርኩት፤ አንድም ቀን አልቆጨኝም።

የበቅሎዋን ዘፈን አንድ መስመር ሲያስተምረኝ አንድ መስመር እያስረዳኝ እስከ ወንዙ አደረሰኝ። መጨረሻውን ነገ ብሎኝ ሄደ። በማግስቱ አለቃቸው ደርሰውበት ኖሮ ወደ አገሩ ሰደዱት። ላንድሮቨሩ ሲነሣ ባንጆውን በመስኮት አቀበለኝ። ከዚያ ወዲያ አልተያየንም።

ዜማው ከእኔ ጋር ሊሞት ሆነ። በዚያን ጊዜ ዲላ ውስጥ እኔን የሚቀበልና ሰብሰብ ብሎ የሚዘምር ሰው ያለው ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ብቻ ነበር። የመዝሙር ቃል አወጣሁለት፤ ወንዙን እንዳለ ትቼ በቅሎዋን አስወጣሁ። ባንጆ ይዤ ስገባ ሽማግሌዎቹ «ይህ ከየት መጣ?» አሉኝ። ከመካኒክ ብላቸው ሊያስወጡኝ ነው። «ተሰጠኝ» አልኩ። አንዱ «በራእይ?» አለኝ። ዝም አልኩ። ዝምታዬን ጻፉት። በሚቀጥለው ዓመት ሽማግሌ አድርገው መረጡኝ።

ሠላሳ ሦስት ዓመት ሙሉ ሰዎች በዚያ ዜማ ሲጠመቁ ከፊት ቆሜ አዘምሬአለሁ። ሲያለቅሱ እኔ በቅሎዋ ትታየኛለች። አንዳንዴ ደስ ይለኛል፣ አንዳንዴ በሌባነቴ እሸማቀቃለሁ። ወደ ዲላ ለመመለስ የፈራሁት ጉልበቴን ብቻ አይደለም፤ ከአዲስ አበባ ሆኜ ማንም ዓይኔን አያየኝም።

ይህን ለሽማግሌዎቹ አንብብላቸውና ደብዳቤህን ውሰድ። ወረቀቱ አሁን በእውነት አለቀ።

ገሪማ


ዲላ፣ ጥር 26 ቀን 1995

ለምወድዎ ለጋሼ ገሪማ

አላነበብኩትም።

ኪሴ ውስጥ ይዤው ገባሁ። አቶ ተክለማርያም «ወንድም ገሪማ ምን አሉ?» ሲሉኝ፣ ፖስታው ገና አልደረሰም አልኩ። ስለ ጤናዎ ጸለዩ፤ ወይዘሮ ሙሉእመቤት ስምዎን እየጠሩ አለቀሱ። በዚያ መሐል እንዴት አድርጌ ስለ መካኒክ አነባለሁ? ስብሰባው ተበተነ፤ የድጋፍ ደብዳቤው ሳይታተም ቀረ። ለሚስ ኖራ እንደማልመጣ ጽፌላታለሁ።

አይዘኑ። ኪቦርዱ ተበላሽቶ ለጥገና ወደ እኔ መጥቷል። እየጠገንኩት ነው፤ በጣም ቀስ ብዬ።

ታዲዮስ


ሳሪስ፣ የካቲት 5 ቀን 1995

ታዲዮስ

ቂል! ፖስታ አልደረሰም ብለህ በእኔ ውሸት ላይ የራስህን ደረብክበት። እንዲህ ያለ ውሸት እንዴት እንደሚቆይ አላስተማርኩህም? መጀመሪያ አንድ ቃል ነው፤ በሠላሳ ሦስት ዓመቱ የሽማግሌ ወንበር ሆኖ ተቀምጠህበት ራስህን ታገኛለህ።

አንተ ማንበብ ካቃተህ እኔ በአፌ እናገረዋለሁ። በሚቀጥለው ሳምንት ሐሙስ በአውቶቡስ እመጣለሁ። አትጠገብ ስለጉልበቴ ጮኸችብኝ፤ ጉልበቴ ግን ዲላ ሲባል ነቃ ብሏል። መናኸሪያ ጠብቀኝ። ባንጆውን ከሣጥኑ ቢያወጡልህ እንኳ ይዘህ እንዳትመጣ፣ ሰው ፊት አለቅሳለሁ። ለሚስ ኖራም የላክኸውን ሰርዝ፤ እመጣለሁ፣ የኤምባሲውን ቀጠሮ አስተላልፊልኝ ብለህ ጻፍላት።

ገሪማ


ዲላ፣ ሐምሌ 9 ቀን 1995

ለልጄ ለታዲዮስ፣ በኬንተኪ ተራሮች ላለህ

በሰላም መድረስህን ሰምቼ ጌታን አመሰገንኩ። ይህን በሚስ ኖራ የቡና ሰዎች እጅ ልኬዋለሁ። አውሮፕላኑ ውስጥ ስለበላኸው የጻፍከውን አነበብኩ፤ ያ ሥጋ አይደለም።

የጠየቅኸኝን ልመልስልህ። ቅጣቴ አልተነሣም። ሽማግሌነቱ እንደቀረብኝ ቀርቷል፤ ከጌታ እራትም እስከ መስከረም ታግጃለሁ። አንተ ማህተሙን ይዘህ ስትሮጥ ለመጠየቅ አፍረህ ነበር፤ አሁን ከሩቅ ስለሆንክ ደፈርክ። አይክፋህ። ያን ዕለት በሽማግሌዎቹ ፊት ተነሥቼ እውነቱን ከተናገርኩ በኋላ ልቤ ቀለለኝ። አቶ ተክለማርያም «ታዲዮስ ምንም አላጠፋም» አሉና ማህተሙን ራሳቸው መቱልህ። ስለ 47 ድምፅ ተሰጥቶ ይቀጥል ተባለ፣ ባንጆውም ከሣጥን ወጣ፤ ሰዎቹ በእርሱ ተጠምቀዋል፣ እንዴት አድርገው ይመለሱ?

አሁን የምቀመጠው ከኋላው አግዳሚ ላይ ነው። ከፊት ቆሜ ሳዘምር ኖሬ መዝሙሩን እንደሚሰማ ሰው ሰምቼው አላውቅም ነበር። ያምራል ልጄ! አለቀስኩ፤ በቅሎዋም አልታየችኝም።

ግን አንድ ችግር ተነሥቷል። ሰዎቹ በቅሎዋን መርሳት አቃታቸው። መጀመሪያ የመጡት ወይዘሮ ሙሉእመቤት ናቸው። ሎሚ ይዘው ጉልበቴን ሊጠይቁ ገቡ፤ ከወጡ በኋላ ከደጅ ተመልሰው «ለመሆኑ በቅሎዋ በመጨረሻ ምን ሆነች?» አሉኝ። በማግስቱ አቶ ደጀኔ እየሳሉ መጡ፤ ከወንዙ ያልወጣ ሰው ጉዳይ እንደሚያሳስባቸው ነገሩኝ። ጋሽ ሙሐመድኑር እንኳ ከሱቃቸው ሆነው ጠሩኝ፤ «እኔ የምጠይቀው ለሙሐሲን ነው» አሉ። ባለፈው ዓርብ አቶ ተክለማርያም ራሳቸው መጥተው ስለ ንስሐ አንድ ሰዓት አስተማሩኝ። ሲነሡ ባርኔጣቸውን እያዞሩ «ያቺ እንስሳ ተሻገረች?» አሉኝ።

ለሁሉም አላውቅም አልኳቸው። ዌንድል ሳይነግረኝ ሄዷል። ያን ሁሉ ሰው እንዲህ ማስጨነቅ ግን አሳዘነኝ። ስለዚህ ራሴ ጨረስኩት፤ እነሆ፦

መሻገሩን ትታ በቅሎዋ ዞረችና
ከሸሸሁበት ደጅ መለሰችኝ ደህና፤
ሙሽራዋም ሳቀች ጭቃዬን አየችና፤
ድንኳኑም አልተነሣ፣ ወጡም ትኩስ ነውና።

ይህኛው ከማንም አልተሰጠኝም፤ ከገሪማ ነው። ከፈለግህ እዚያ ዝፈነው። ዌንድልን ካገኘኸው መጨረሻውን ጠይቀውና አወዳድር። የማንኪያው ሰውዬ አልረሳህም በለው።

ገሪማ

ወይዘሮ ሙሉእመቤት ስንኙን ለሴቶች ኅብረት አስተምረውት ተገኙ። ቅጣቴ እስከ ኅዳር ተራዝሟል።


ኬንተኪ፣ ነሐሴ 3 ቀን 1995

ለጋሼ ገሪማ

ከዚህ ተራራ ላይ ሰላም እልዎታለሁ። አገሩ እንደ ጌዴኦ ነው፤ ዳገት፣ ጭጋግ፣ ዝናብ፣ ቆዳ የሚያረግብ ርጥበት። ሳፋ ገልብጠው የሚመቱ ሽማግሌዎችም አሉ። ለሙሐሲን ይንገሩት፤ አባቱ ይስሙ።

ትናንት ተጫወትኩ። «ፈራህ ወይ?» ብለው እንደሚጠይቁኝ አውቃለሁና፣ በጣም ፈራሁ። እዚህ አንድ ወግ አላቸው። ሰው ዜማ ከመጀመሩ በፊት ቆሞ ከማን እንደተማረው መናገር አለበት። ያስተማረውን ሰው ስም የማይጠራ ሰው ምንም ያህል ቢጫወት አያጨበጭቡለትም። እኔም ተነሥቼ «ይህን የተማርኩት ከአቶ ገሪማ ነው፤ የዲላ ወጥ ቤት ነበሩ። እሳቸው የተማሩት ከመካኒኩ ከዌንድል ነው» አልኩ። ከዚያ ጸጉራሙን ባንጆ አንሥቼ ተጫወትኩ፤ ስንኝዎን በአማርኛ ዘፈንኩት፤ ሚስ ኖራም ተረጎመችው። ወጡ ትኩስ መሆኑ ሲነገራቸው ጣራው እስኪነቃነቅ ሳቁ።

ስጨርስ አንዲት ሴትዮ መጡ። የዌንድል እህት ናቸው። ዌንድል ከዘጠኝ ዓመት በፊት አርፏል፤ ጋሼ፣ ይህን በደብዳቤ መንገርዎ ከብዶኛል። እስኪሞት ድረስ መኪና ሲጠግን፣ ቅዳሜ ቅዳሜ ሲጫወት ኖሯል። ሴትዮዋ እጄን ይዘው በዓሉ የዜማዎችን ምንጭ ወደሚያስቀምጥበት መዝገብ ወሰዱኝ። የበቅሎዋን ዘፈን አወጡልኝ። ዌንድል ከአገራችን በተመለሰ በዓመቱ በገዛ እጁ የጻፈው ነው። ሚስ ኖራ ቃል በቃል ተረጎመችልኝ፤ እኔም ቃል በቃል ገለበጥኩልዎ፦

«መጀመሪያው ክፍል የአያቴ ነው። በቅሎዋ ወንዙ መካከል የምትቆምበት ቀስ ያለው ክፍል ግን የእኔ አይደለም። እዚያ ላይ ዘፈኑ ድሮ ያልቅ ነበር። ያንን ዜማ የሰማሁት ከገሪማ ነው፤ ኢትዮጵያ፣ ዲላ የሚኖር ወዳጄ ነው። ሽንኩርት ሲከትፍ ያንጎራጉረዋል፤ እንደሚያንጎራጉር ግን አያውቅም። እኔም ሳልነግረው ሰረቅሁት። መጨረሻውን ከእርሱ ጋር ልናወጣ ነበር፤ ጊዜ አልሰጡንም።»

ጋሼ፣ ሕዝቡ የሚያለቅስበት ያ ክፍል የእርስዎ ነው። ይህን ወረቀት ለአቶ ተክለማርያም ያሳዩአቸው፤ ወይም አያሳዩ፣ እንደ ፈቃድዎ። እኔ ግን መዝገቡ ላይ ከዌንድል ጽሑፍ ሥር የእርስዎን የመጨረሻ ስንኝ አስገብቻለሁ። የጸሐፊውን ስም ሲጠይቁኝ «ገሪማ» አልኩ፤ «ሥራ?» ሲሉኝ «ወጥ ቤት» አልኩ።

ልጅዎ ታዲዮስ